ጋሽ ይፍረስና የሽቅቤ ግንብ

ሥራ ባለበት ሁሉ አንድ «ይፍረስ» የሚል ሰው አይጠፋም። ልብስ ሰፊው ዘንድ አለ፣ አናጢው ዘንድ አለ፤ «እኔን አልገጠመኝም» የሚል ካለ፣ ወይ ሥራ ፈት ነው ወይ ሰውየው ራሱ ነው። ለእኛ ለግንበኞች ግን የሁሉም አለቃ ደርሰውናል፦ ክቡርነታቸው፣ የግንቦች ሁሉ መርማሪ፣ ባለ እንጨት መዶሻው ጋሽ ይፍረስ። እናታቸው ያወጡላቸውን ስም የሚያስታውስ የለም።

ከተማችን የቆመችው በሽቅቤ ነው። ሽቅቤ ከተራራው ሆድ ተፈልጦ ሲወጣ ወደ ሰማይ መሄድ የሚያምረው ድንጋይ ነው፤ ካላሰሩት ይሄዳል። ከባድ ድንጋይ ተጭኖበት አርባ ቀን በጥላ ከተኛ ግን አደብ ይገዛል፤ ካስቀመጡት አይነቃነቅም፣ የላዩንም ሸክም ያቀላል። ባለ አራት ፎቅ ቤቶቻችን እንደ ክንድ በቀጠነ ምሰሶ የቆሙት፣ ድልድያችንም ያለ አንድ እግር ገደሉን የተሻገረው በእሱ ነው። የተኛውን በመዶሻ ሲነኩት «ድም» ይላል። ያልተኛው «ጢን» ይላል፤ ድምፁ ከትንኝ የቀጠነ ነው።

ጋሽ ይፍረስ ይህችን «ጢን» ሲያድኑ ሠላሳ ዓመት ኖሩ። ኮታቸውን አውልቀው፣ አጥፈው፣ ለግንበኛው ያስይዛሉ፤ ጆሯቸውን ግንቡ ላይ ለጥፈው ዓይናቸውን ይጨፍናሉ። ግንበኛው ኮት እንደታቀፈ ትንፋሹን ይውጣል። ከዚያ ያቺ አንዲት ቃል። የድልድዩን የእጅ መደገፊያ ሦስት ጊዜ አስፈርሰዋል። የገዛ እህታቸውን ሳሎን እንኳ እንግዳ እንደተቀመጠበት አስፈርሰዋል።

«ጋሼ፣ ምናለ አንድ ቀን ‹ጎሽ› ቢሉን?» አልኳቸው።

«ግንቡ ከቆመ ራሱ ይልህ የለ!»

ዳቦ ጋጋሪው ጎረቤቴ ከዚህ ሁሉ ጣጣ ልገላገል ብሎ ኩሽናውን በድብቅ አስገነባ። በአምስተኛው ቀን ኩሽናው አማቱን እንደያዘ ተነሣ። ደግነቱ የልብስ ማስጫው ሽቦ ከዛፍ ጋር አስሮ አስቀረው። እኛ ከታች «እማማ፣ አይፍሩ፣ አሁን እናወርድዎታለን!» እንላለን፤ እሳቸው በመስኮት ብቅ ብለው «ቆዩ እስቲ፣ የሦስት ሰው ጓሮ ማየት ይቀረኛል» ይላሉ። ጋሽ ይፍረስ አንገታቸውን ቀና አድርገው አዩና «ይፍረስ ልል ነበር፤ ቀደመኝ» ብለው ሄዱ።

ወደ ራሴ ልምጣ። እናቴ ጉልበቷ ከከዳት ወዲህ ከሦስተኛ ፎቅ ሳትወርድ ዓመት አለፋት። ምድር ላይ አንድ ክፍል ልሠራላት ጀመርኩ። ዝናብ ከገባ ግንባታ ስለሚቆም፣ ካልደረስኩላት ሌላ ዓመት እዚያው እንደተሰቀለች ልትከርም ነው። ስለዚህ ሰባት ድንጋዮችን በሠላሳ ስምንተኛ ቀናቸው ቀስቅሼ ገነባሁ። ጋሽ ይፍረስ መጡ፣ ኮታቸውን አስያዙኝ፣ መቱ።

«እነዚህ ሰባቱ። ይፍረስ።»

«ጋሼ፣ ሁለት ቀን እኮ ነው የጎደለው!»

«እሱን ለድንጋዩ ንገረው።»

ለእናቴ አቤት ብል፣ እሷም ከእሳቸው ወገነች። «እኔ ላርፍበት በምትሠራው ቤት፣ ድንጋዩስ ቢያርፍ ምናለበት?» አለችኝ።

አፈረስኩ። አንዴ የተቀሰቀሰ ድንጋይ እንቅልፉን ከአንድ ስለሚጀምር፣ አርባ ቀን እንደ አዲስ ቆጠርኩ። ደግነቱ ዝናቡ ዘገየ፤ መልሼ ገንብቼ ስጨርስ ግን ደመናው ተራራው ላይ ተቀምጧል። ጋሽ ይፍረስ መጡ። መቱ፤ ደግመው መቱ። ከዚያ የአሸዋው ጆንያ ላይ ቁጭ አሉ።

«ልጄ፣ ወሬ ይሰማኛል፤ ቀጭኗ ድምፅ ግን ጥላኝ ከሄደች ዓመት ሊሞላት ነው።»

«እንዴ! ታዲያ ያን ጊዜ ሰባቱን እንዴት አወቁ?»

«ኮቴን ይዘህ ፊቴ ቆመህ አልነበር? ሰባት ጊዜ ምራቅህን ዋጥክ።»

«ዓይንዎን ጨፍነው?»

«አንዱን ነው የምጨፍነው።»

መዶሻውን ሰጡኝ። ኮታቸውን ራሳቸው ታቀፉና ጀርባቸውን ሰጥተውኝ ወደ መስኮቱ ዞሩ። ፊቴን እንኳ ሊያዩብኝ አልፈለጉም።

ድም። ድም። ድም። ከበሩ ጎን፣ ሁለተኛው ረድፍ ላይ፦ ጢን።

ደግሜ መታሁ። ጢን። አርባ ቀን ቢተኛም፣ አንድ ጉልቤ ድንጋይ እንቅልፉን ሳይጨርስ ተነሥቷል። ሌላ ድንጋይ ላስተኛ ብል፣ አርባ ቀን ሳይሞላው ዝናቡ ይደርሳል። እናቴ ጓዟን ሸክፋ መጠበቅ ከጀመረች ሦስተኛ ቀኗ ነው። ከእኔ በቀር የሰማ የለም።

«ይፍረስ» አልኩ።

«ደግሞ ማነው ይፍረስ ያለው?» ብላ እናቴ ከላይ በመስኮት ጮኸች።

«ልጅሽ ነው፣ እህቴ! ልጅሽ!» አሉ ጋሽ ይፍረስ። በሠላሳ ዓመት ጥርሳቸውን ያየ ሰው አልነበረም፤ እኔ ግን አየሁት። ሁለቱ የሉም።

ከሰዓት በኋላ ጋሪ እየገፉ ተመለሱ። ጋሪው ላይ ዕድሜ ያጠቆረው፣ ከተኛ ብዙ ዘመን የሆነው ሽቅቤ አለ፤ ከራሳቸው አጥር ነቅለውት ነው። መታሁት። ድም። እናቴ ዝናቡን በአንድ ቀን ቀድማ ገባች።

ዛሬ አብረን እንዞራለን፤ እኔ ድንጋይ እሰማለሁ፣ እሳቸው ፊት ያያሉ። ግንበኛው ሁለት ኮት ታቅፎ ይቆማል። የአጥራቸው ቀዳዳ ግን አሁንም አፉን እንደከፈተ ነው፤ የሰፈሩ ፍየል ሁሉ ይሾልክበታል። ምትኩ ድንጋይ ጥላ ሥር ከተጋደመ አርባ ቀን ሳይሆን አርባ ሳምንት አልፎታል። «ጋሼ፣ በቃ ልድፈንልዎ» ብዬ ስለምናቸው፣ ጣታቸውን አፋቸው ላይ ያደርጋሉ።

«ቀስ በል፤ ተኝቷል።»