ግማሽ ቤት የበላ ሬዲዮ

ቤት ገዛሁ የሚል ሰው ሁሉ ውሸታም ነው። አይቆጡ አንባቢዬ፤ እርስዎን ለይቼ አይደለም፣ ራሴንም ጨምሬ ነው። እኔ በዚህ አፌ ለርእሰ መምህሬ፣ ለልብስ ሰፊዬ፣ ቅዳሜ ገበያ ለሚያልፈው ለሚያገድመው ሁሉ «ቤት ገዛሁ» ብዬ አውርቻለሁ። በኋላ ነገሩ ሲመረመር የገዛሁት አንድ በርና አንድ መስኮት ሆኖ ተገኘ…

ከመጀመሪያው ልንገርዎ። እኔ እዚህ ነቀምት የሒሳብ መምህር ነኝ። የሒሳብ መምህር መሆኔን ይያዙልኝ፤ ትንሽ ቆይቶ ያሳፍረኛል። አባቴ ከሸዋ መጥቶ እዚሁ የቀረ ሰው ነው፤ ባለቤቴ አስቴር ደግሞ የቢላ ከተማ ልጅ ናት። ስትቆጣ በኦሮምኛ ትቆጣለች፣ ስትፈርድ በአማርኛ ትፈርዳለች። በኦሮምኛ እስካለች ድረስ ተስፋ አለኝ።

አስቴር ቤት የፈለገችው ለአንድ ነገር ብቻ ነበር። እናቷ ቢላ ውስጥ ብቻቸውን ይኖራሉ፤ ባላቸው ሞተዋል፣ ጉልበታቸው ደክሟል። «ከእኛ ጋር ይኑሩ» ብንላቸው «ኪራይ ቤት አልመጣም፤ የልጄ የራሷ ቤት ሲሆን ጥሩኝ» ብለው እንቢ አሉ። እንግዲህ እኛም ቡርቃ ጃቶ ሰፈር ሦስት ክፍል ያለው፣ ግድግዳው ጭቃ፣ ጣሪያው ቆርቆሮ፣ ሳሎኑ ሲሚንቶ የሆነ ቤት አገኘን። ዋጋው ሦስት ሺህ ብር። ብር ስለሌለን ባንክ ሄድን።

የባንኩ ሹም አቶ በላቸው ይባላሉ፤ የአዲስ አበባ ሰው ናቸው፣ የነቀምት ጭቃ ጫማቸውን እንዴት እንደሚምርላቸው እስካሁን አልገባኝም።

«በዐሥር ዓመት ነው ወይስ በሃያ?» አሉኝ።

«የትኛው ይቀላል?»

«ለወሩ ሃያው ይቀላል። በዐሥር ዓመት ከሆነ በወር ሠላሳ ስድስት ብር ይከፍላሉ፤ በሃያ ከሆነ ሃያ አምስት።» ሳንቲሙን ትቼ ነው የምነግርዎ።

ይህን ጊዜ እኔ የሒሳብ መምህሩ ከሠላሳ ስድስት ሃያ አምስት ሲቀነስ ዐሥራ አንድ ብዬ ቀነስኩ። መቀነሱን አልተሳሳትኩም፤ ማባዛቱን ነው የረሳሁት። «በሃያ ይሁንልኝ» ብዬ ፈረምኩና እየሳቅሁ ወጣሁ። በዐሥር ዓመት የሚፈርሙት ሞኞች እነማን ይሆኑ እያልኩ ነበር የምስቀው።

በተረፈችኝ ዐሥራ አንድ ብር ምን ባደርግ ጥሩ ነው? ሬዲዮ ገዛሁ። ሁለት መቶ ሃያ ብር፣ ገበያ ውስጥ ካለ ነጋዴ፣ በወር ዐሥራ አንድ ብር እየተከፈለ በሃያ ወር የሚያልቅ። እንጨቱ ፊት ያሳያል፣ ድምፁ የጎረቤት ውሻ ያስጮኻል። ዜና ሲጀምር መስኮቱን ከፍቼ ከፊቱ እግሬን አነባብሬ እቀመጥ ነበር፤ መንገደኛው ቆሞ ዜናውን ይሰማል፣ እኔ ደግሞ መንገደኛውን አያለሁ።

ዓመት ሞላ። ሦስት መቶ ብሬን ከፍዬ ጨርሻለሁና ደረቴን ነፍቼ ባንክ ገባሁ።

«አቶ በላቸው፣ ሁለት ሺህ ሰባት መቶ ብር ቀረኝ አይደል?»

መዝገባቸውን ገለጡ። «ሁለት ሺህ ዘጠኝ መቶ ሠላሳ ሰባት።»

«የሌላ ሰው ገጽ ገልጠው ይሆናል።»

«የእርስዎ ነው። ከከፈሉት ውስጥ ስልሳ ሦስቱ ከዋናው ተቀንሷል።»

«ሁለት መቶ ሠላሳ ሰባቱስ?»

«እሱ ወለድ ነው። መጀመሪያ ላይ ዋናው ብዙ ስለሆነ ወለዱም ብዙ ነው። እየቆየ ይቀንሳል።»

«መቼ ነው የሚቀንሰው?»

«ወደ መጨረሻዎቹ ዓመታት ደስ ይልዎታል» አሉኝ፣ በጣም በትሕትና።

ወደ ቤቴ ስሄድ መንገድ ላይ ማባዛት ትዝ አለኝ። ሃያ አምስት በዐሥራ ሁለት፣ ሦስት መቶ። ሦስት መቶ በሃያ፣ ስድስት ሺህ። ቆምኩ። እንደገና አባዛሁ፤ ያው ስድስት ሺህ። ለካ የሁለት ቤት ዋጋ ነው የምከፍለው፤ አንደኛው ቤት ቡርቃ ጃቶ ነው፣ ሁለተኛው የት እንዳለ የሚያውቅ ሰው ካለ ይጻፍልኝ።

ከአስቴር ልደብቀው አስቤ ነበር። ግን ፊቴ ደብቆ አያውቅም፤ ጫማዬን ሳላወልቅ አስለፈለፈችኝ።

«ስልሳ ሦስት ብር?» አለች፣ በአማርኛ።

«አዎ።»

«ጠመኔህን አምጣ።»

ጠመኔዬን ተቀብላ ቤቱን እንደ ነጋዴ ትገምተው ጀመር። በሩ ከነቁልፉ አርባ ብር፣ በመንገዱ በኩል ያለው መስኮት ሃያ ሦስት። ሞላ። በሩንና መስኮቱን ከብባ በግድግዳውም በወለሉም ላይ ነጭ መስመር አሰመረችና «ይህ የእኛ ነው። ከዚህ ወዲያ የሰው ቤት ነው፤ ስንከፍል መስመሩ ይሄዳል» አለችኝ።

ቀልድ መስሎኝ ነበር። በማግስቱ ኮቴን ልሰቅል ምስማር ስመታ መዶሻውን ከእጄ ወሰደችው። «አስፈቅደሃል?» ከመስመሩ ወዲህ ያለውን በቀን ሁለት ጊዜ ትጠርጋለች፤ ከመስመሩ ወዲያ ያለውን ግን በሌላ ሰው ቤት እንደሚያግዝ ጎረቤት፣ በይሉኝታ። እኔም ቀስ በቀስ ለመድኩት መሰለኝ፣ ሳሎን ስገባ ባርኔጣዬን ማውለቅ ጀመርኩ።

ክረምቱ ገባና ጣሪያው ማፍሰስ ጀመረ። የት ላይ? ሬዲዮዬ ላይ። የዝናብ ካፖርቴን አለበስኩትና እኔ እየበሰበስኩ ትምህርት ቤት እመላለሳለሁ።

«ጣሪያውን እንጠግነው እንጂ» ብላት፣

«ጣሪያው የባንኩ ነው። ጻፍለት» አለችኝ።

ጻፍኩ። አይሳቁብኝ፣ ከእሷ ጋር የምኖረው እኔ ነኝ። «ለክቡር አቶ በላቸው፤ ቤትዎ ያፈሳል። እኛ በበሩና በመስኮቱ በኩል በጣም ደኅና ነን። እንዲያውቁት ያህል ነው።»

መልስ ስንጠብቅ ኦቦ ጉተማ ከቢላ መጡ። ኦቦ ጉተማ የአስቴር እናት ወንድም ናቸው፤ በአገሩ አጠራር ኤሱማዋ። ዕዳው ትንሽ ይቅለል ብለን አማቴን ገና አልጠራናቸውም ነበርና፣ እህታቸውን ከመላካቸው በፊት ቤቱን በዓይናቸው ሊያዩ ነው የመጡት። የአንድ ሰው ሸክም አንጮቴ፣ ያን የወለጋ ሥራ ሥር፣ እና አንድ ቅል ቅቤ ይዘው «አካም ጅርቱ!» እያሉ ከውጭ ጀምሮ ሰላምታውን አዘነቡት። አንድ እግራቸውን አስገብተው ሁለተኛውን ሊያስከትሉ ሲሉ መስመሩን አዩ።

«ይህ ምንድን ነው?»

አስቴር መዋሸት አታውቅም። ሁሉንም ነገረቻቸው።

«ባለቤቱ አለ?» አሉ ኦቦ ጉተማ።

«ባንክ ናቸው፣ ሥራ ላይ» አለች።

«እንግዲያ እጠብቀዋለሁ። ባለቤቱ በሌለበት ሰው ቤት አልገባም» ብለው በሩ ላይ፣ በእኛው ድርሻ ላይ፣ ቁጭ አሉ።

ለመንናቸው። ማሎ አልናቸው። ንቅንቅ የለም። አንጮቴው እዚያው በሩ ላይ ተበላ፣ ዝናቡም በተከፈተው በር እየገባ አብሮን በላ። ጎረቤቶች አንድ ሽማግሌ ጋቢ ተከናንቦ ደጃፋችን ላይ መቀመጡን ሲያዩ ለቅሶ መሰላቸው። አንድ ሁለት እያሉ መጥተው አንገታቸውን ደፍተው ተቀመጡ። ሃያ የሚሆን ሰው ሲጠራቀም አንዷ ድምጿን ዝቅ አድርጋ «ማን ነው የሞተው?» አለች።

«የሞተ የለም» አሉ ኦቦ ጉተማ። «ቤቱ ገና ዐሥራ ዘጠኝ ዓመት ይቀረዋል።»

ሰውም አዝኖ እዚያው ቀረ።

በዚህ መሐል ነው አቶ በላቸው ጥላ ይዘው፣ ደብዳቤዬን በኪሳቸው አድርገው ብቅ ያሉት። አስቴር «ባለቤቱ መጡ» ከማለቷ ለቀስተኛው ሁሉ ብድግ አለ። ኦቦ ጉተማ በሁለት እጃቸው ጨበጧቸውና «ጌታው፣ ቤትህ ልግባ?» አሉ።

አቶ በላቸው ግራ ገብቷቸው «ይ… ይግቡ» አሉ። ኦቦ ጉተማ አመስግነው መስመሩን ተሻግረው ገቡ። እኔ በገዛ ሳሎኔ ከኋላቸው ተከትዬ ገባሁ።

«እንግዲህ ጣሪያህ ያፈሳል» አሉ ኦቦ ጉተማ።

አቶ በላቸው ውሉን ከቦርሳቸው አወጡ። «እድሳት በተበዳሪው ነው። ግብሩም በተበዳሪው ነው። የእሳት መድኑም እንዲሁ።»

«ሲቆጠር ያንተ፣ ሲያፈስ የእሱ?»

«በውሉ መሠረት» አሉ አቶ በላቸው ጫማቸውን እያዩ።

ኦቦ ጉተማ ወደ እኔ ዞሩ። «መምህር፣ ዐሥር ዓመትም አለ ይላሉ። ሃያውን ለምን መረጥክ?»

አስቴርም ይህን ጠይቃኝ አታውቅም ነበር፤ አሁን አየችኝ። ዓይኔ ሳላዘው ወደ ሬዲዮው ሄደ፣ የሰውም ዓይን ተከተለው። ሬዲዮዬ ካፖርቴን ለብሶ ጥጉ ላይ ተቀምጧል፤ ጠብ… ጠብ… ይልበታል።

ተናዘዝኩ። ዐሥራ አንዷን ብር ነገርኳቸው።

አቶ በላቸው ሒሳብ ሲሰሙ እጃቸው አያርፍም መሰለኝ እርሳስ አወጡ። «ሠላሳ ስድስት በዐሥራ ሁለት፣ በዐሥር… አራት ሺህ ሦስት መቶ ሃያ። በሃያው ዓመት ደግሞ ስድስት ሺህ። ልዩነቱ ሺህ ስድስት መቶ ሰማንያ ነው።» ከዚያ ምን እንዳሉ ሲገባቸው እርሳሱን ቶሎ ከኪሳቸው ከተቱት።

ኦቦ ጉተማ ተነሥተው ሬዲዮውን ዞሩት። ካፖርቱን ገለጥ አድርገው በጀርባው በኩል አዩ፣ ጎንበስ ብለው በሥሩም አዩ።

«ምን ይፈልጋሉ?» አልኳቸው።

«በሩን። ቤቱ ሦስት ሺህ ነው፤ ይህ ሣጥን ግማሽ ቤት አልፏል። እህቴ እዚህ ውስጥ ትገባ እንደሆነ እያየሁ ነው።»

ለቀስተኛው ሳቀ። እኔም ልስቅ ነበር። ኦቦ ጉተማ ግን አልሳቁም። «እህቴ ስልሳ አምስት ዓመቷ ነው መምህር» አሉኝ ረጋ ብለው። «መስመሩ ሲሄድ ካየች ዐሥር ዓመት ትጠብቅልህ ይሆናል። ሃያ ግን አትጠብቅልህም።»

አስቴር ፊቷን ወደ መስኮቱ፣ ወደ ድርሻችን፣ አዞረች። አንባቢዬ፣ እኔ በተማሪዎቼ ፊት ጠመኔ ወድቆብኝ፣ ሱሪዬ ተቀዶብኝ አፍሬ አውቃለሁ። የዚያን ቀን ያህል ግን አፍሬ አላውቅም። ያቺን ሴት እናቷን ነጥቄ ዜና ስሰማ ነው የከረምኩት።

«ወደ ዐሥር ዓመት መመለስ ይቻላል?» አልኳቸው አቶ በላቸውን።

«ይቻላል፤ በወር የሚጨምሩት ካለዎት።»

«አለኝ። ሬዲዮውን የሚገዛ ካለ ይግዛኝ።»

ግማሽ ቤት የሚያወጣ ሣጥን ማን ይደፍራል? በመጨረሻ አቶ በላቸው ጉሮሯቸውን ጠረጉ። «መቶ ሃምሳ ብር ብል ምን ይመስልዎታል?»

«ይውሰዱት።»

«መቼም ሁላችንም የወር ደመወዝተኞች ነን» አሉ ፈገግ ብለው፤ «በየወሩ ጥቂት ጥቂት ብከፍልስ?»

አስቴር ከመስኮቱ ዞረች። ጠመኔውን ከመደርደሪያው አነሣች።

«በዐሥር ወር ነው» አለች በጥሩ አማርኛ፣ «ወይስ በሃያ?»

ሹሙ ጠመኔውን አዩ። መስመሩን አዩ። ከዚያ በኋላ ማንም ምንም ሳይላቸው ከደረት ኪሳቸው መቶ ሃምሳውን አውጥተው፣ አንድም ሳይጎድል፣ ሁለት ጊዜ ቆጥረው እጇ ላይ አኖሩላት። ብድር ምን እንደሆነ ከነቀምት ሕዝብ ሁሉ አጥብቆ የሚያውቀው ሰው ሬዲዮውን በእጅ በእጅ ገዝቶ፣ በጥላው ከልሎ ይዞት ሄደ። እኔ ዓመት ሙሉ ያልገባኝ ትምህርት በጥላ ሥር ሲሄድ ቆሜ አየሁት።

ለነጋዴው የቀረብኝን የስምንት ወር ሰማንያ ስምንት ብር ከፈልኩ፤ በየወሩ የምትወጣዋ ዐሥራ አንድ ብር ወደ ባንኩ ዞረች፣ ውሉም ወደ ዐሥር ዓመት ተቀየረ። ስልሳ ሁለት ብር ተረፈኝ፤ ዓመት ሙሉ ደክሜ ከገዛሁት በርና መስኮት አንድ ብር ብቻ ያነሰ። በእሱ ቆርቆሮ ገዝቼ የባንኩን ጣሪያ ጠገንኩለት። አመሰግናለሁ እንኳ አላለኝም።

ኦቦ ጉተማም ይህን ሲሰሙ እህታቸውን አመጡልን። አማቴ በበሩ ገብተው፣ ሳሎኑን አይተው፣ አስቴርን ስመው አለቀሱ። ስለ መስመሩ ማንም አልነገራቸውም፤ ቀስ ብለን እናስረዳቸዋለን ብለን ነበር። በማግስቱ ከትምህርት ቤት ስመለስ አማቴ ጉልበታቸውን እያሻሹ በርጩማ ላይ ተቀምጠዋል፣ አጠገባቸው አንድ ባልዲ አለ። ወለሉና ግድግዳው ያብረቀርቃል። የጠመኔው መስመር የለም።

«ቤታችሁን ምን እንዲህ አሞነጫጨረው?» አሉኝ። «ጠረግሁላችሁ።»

ዐሥር ዓመት የሚፈጀውን ዕዳ አማቴ በአንድ እርጥብ ጨርቅ ከፍለው ጨርሰዋል። አስቴር አየችኝ፣ አየኋት። እስካሁን የነገራቸው የለም፤ ለባንኩም እንዲሁ።