አክተሩ አልሞተም

ቃልም እንደ ሰው ይሰደዳል። ሲሰደድ ደግሞ ሥራ ይቀይራል። ስቶክሆልም ውስጥ ያገር ቤቱ መሐንዲስ አውቶቡስ ሲነዳ ብታዩ አትደነቁም አይደል? እንግዲያው በ«አክተር»ም አትደነቁ። በትውልድ አገሩ፣ በእንግሊዝኛ፣ ፊልም ላይ የሚተውን ሁሉ አክተር ነው፤ በር ከፍቶ ዞር የሚለው አሽከር ሳይቀር። እኛ አገር ሲገባ ግን ተሾመ። አክተር ማለት ዋናው ሰውዬ፣ መጨረሻ ላይ የሚያሸንፈው ብቻ ሆነ። ተቃዋሚው የቱንም ያህል አሳምሮ ቢተውን ወንበዴ ነው። ይህን ካዲስ አበባ ሲኒማ ቤቶች የተማርን ሰዎች አንድ ሕግም አብረን ተምረናል፦ አክተር አይሞትም።

በስቶክሆልም ዳርቻ፣ አልቢ ሰፈር የሚኖሩት ጋሽ መኮንን በዚህ ሕግ ያደጉ ሰው ናቸው። ለትምህርት መጥተው በደን ሳይንስ ተመረቁ፤ አሁን ላቦራቶሪ ውስጥ ደም ይመረምራሉ፤ እሑድ እሑድ ከመዘምራኑ ጋር ወፍራሙን ድምፅ ይዘምራሉ። የሚያደንቁት አንድ አሜሪካዊ የፊልም ዳይሬክተር ነበር። ሰውዬው በመኪና ማሳደድ ጀመረ፤ ቀጥሎ ፈረስ ላይ ወጣ፤ መርከብ አሰጠመ፤ መሀል ላይ ምን እንደታየው እንጃ፣ የሚያስቅ የሠርግ ፊልም ሠራ፤ ተመልሶ ደግሞ ድልድይ አፈነዳ። ተቺዎች «አንድ ቦታ አይረጋም» ይሉታል። ጋሽ መኮንን ግን «ሁለት ባላ ትከል፣ አንዱ ቢሰበር ባንዱ ተንጠልጠል የሚባለው ገብቶት ነው» ይላሉ። ከዛፍ ወደ ደም ለተሻገረ ሰው ይህ ቀላል ዝምድና አይደለም።

ጣጣው የመጣው በዘጠናዎቹ አጋማሽ፣ አዲሱ ፊልሙ ሲታይ ነው። ጋሽ መኮንን ጓደኞቻቸውን ሰብስበው ወሰዱ። አክተሩ ጣሪያ ላይ ሲታኮስ ጋሽ ታደሰ ጭንቅ ይዟቸው «ኧረ ይሄ ሰው ሊሞት ነው!» አሉ።

«አይሞትም፤ እኔ ዋስ!» አሉ ጋሽ መኮንን።

ሞተ። ያውም ዝናብ እየዘነበበት።

ከዚያ ወዲህ ስማቸው «ዋሱ» ሆነ። ትቬትስቱጋ፣ ማለትም የሕንፃው የጋራ ልብስ ማጠቢያ ክፍል ሲወርዱ ጋሽ ታደሰ ይጠብቋቸዋል። «ዋሱ፣ ይሄ ማሽን አጥቦ ይጨርሳል ወይስ ይሞታል?» ቀልዱ እስከዚህ ቢቆም ደግ ነበር። ጋሽ ታደሰ ለልጃቸው ሚስት የሚጠይቁ ሽማግሌዎች የልጅቷ ቤተሰብ ወደሚኖርበት ወደ ዩልስታ ሰፈር ሊልኩ ሲዘጋጁ የጋሽ መኮንንን ስም ዘለሉት። «ያክተሩን ነፍስ ያላዳነ ዋስ ለልጄ ሚስት ያመጣልኛል?» ሰው ሳቀ፤ ጋሽ መኮንንም ሳቁ። ግን በዚያ ዕድሜ ከሽምግልና መቅረት ምን ማለት እንደሆነ ያውቃሉ፤ ልብስ የሚያጥቡበትን ሰዓት ቀየሩ።

በዚህ መሀል ዳይሬክተሩ ስለ ሥራ ዘመኑ ሊናገር ስቶክሆልም መጣ። እኔ ለማኅበራችን ሬዲዮ ልዘግብ ሄድኩ። ጋሽ መኮንን ከነክራቫታቸው፣ ልጃቸው ሣራን በቀኝ፣ ጋሽ ታደሰን በግድ በግራ አድርገው ፊት ለፊት ተቀምጠዋል። የጥያቄ ሰዓት ሲደርስ ተነሡና ጥርት ባለ እንግሊዝኛ ጠየቁ፦

«ሚስተር ዳይሬክተር፣ አክተሩን ለምን ገደልከው?»

ሣራ በስዊድንኛ «ኔይ ፓፓ፣ ኔይ!» እያለች ልታስቆማቸው ኮታቸውን ትጎትታለች። የዳይሬክተሩ ፊት አመድ መሰለ። መርከብ ሲያሰጥም ያልደነገጠ ሰው ውሃ ለመነ።

«እኔ ሥራ ላይ አንድም ሰው ሞቶ አያውቅም!» አለ። «አክተሩ በሕይወት አለ! ዛሬ ጠዋት በስልክ አነጋግሬዋለሁ። ጉንፋን ይዞታል እንጂ ደኅና ነው!»

«ሰማህ ታደሰ?» አሉ ጋሽ መኮንን፣ እንደ ዳኛ ቀስ ብለው እየተቀመጡ።

ጋሽ ታደሰ ከስዊድንኛ ሌላ የፈረንጅ ቋንቋ ብዙም አይደፍሩም። ወደ እኔ ዞሩ። «አንተ የሬዲዮ ሰው ነህ። ሳትጨምር ሳትቀንስ፣ ምን አለ?»

ምን እንደተባለ አውቃለሁ፤ ምን ሊባል እንደተፈለገም አውቃለሁ። የሙያዬ ሕግ ግልጽ ነው፦ የተባለውን ዘግብ።

«አክተሩ በሕይወት አለ ነው ያለው፣ ጋሼ።»

«እርግጠኛ ነህ?»

«ቀድቼዋለሁ። ላሰማዎት?»

«ጉንፋን ብቻ?»

«ጉንፋን ብቻ።»

ካፍ ከወጣ አፋፍ ነው። ወሬው ከእኛ ቀድሞ አልቢ ገባ፤ ሽማግሌዎቹም ከነጋሽ መኮንን ዩልስታ ሄዱ። በውሉ ቀን የልጅቷ አባት እንደ ወጉ «ለልጁ ዋሱ ማነው?» ብለው ሲጠይቁ፣ ጋሽ ታደሰ ሳያቅማሙ ጣታቸውን ቀሰሩ።

«መኮንን ይሁን። እሱ ዋስ የሆነለት ሰው ሞተ ሲባል እንኳ ጉንፋን ነው የሚይዘው።»