ዛፎቹ ያልፈቀዱት ጋብቻ

ጥንታዊ መጽሐፍ ሁሉን ያውቃል የሚል ሰው መጀመሪያ እናቴን ይጠይቅ። እኔ ከዚህ በፊት ለማንም ምንም ጽፌ አላውቅም፤ ትምህርቴም ዳዊት ከደገምኩ በኋላ ጥቂት ጊዜ ከሴቶች ትምህርት ቤት የቀመስኩት ብቻ ነው። ሰው ፊት መናገርማ ከነአካቴው አይሆንልኝም። በተዘጋ አፍ ዝንብ አይገባም እያልኩ ነው ያደግሁት። ወረቀት ግን ዓይን ዓይኔን ስለማያየኝ እስቲ ልሞክር...

ታደሰን ከጊዮርጊስ ወደ አራዳ ገበያ ስትወርዱ ሳታዩት አትቀሩም። በአርመኑ ሱቅ በረንዳ ላይ የስፌት መኪናውን ዘርግቶ የሚውለው ልጅ ነው። ሲሠራ መርፌውን በከንፈሩ ስለሚይዝ ሙሉ ቃል ሲናገር ሰምቼው አላውቅም። እጅጌዬን ሲለካ «እም» ይላል፤ እኔ አንገቴን እደፋለሁ። በዚህ ዓይነት ጨዋታ ዓመት ሙሉ ተዋደድን። በመጨረሻ እናቱ እትዬ አስካለ ሽማግሌ ላኩ። እናቴም «እሺ፣ ግን መጀመሪያ ይቆጠር» አለች።

መቁጠሩን ታውቁታላችሁ፤ የሁለቱ የክርስትና ስም ፊደል ተቆጥሮ ይስማማሉ ወይም አይስማሙም ይባላል። ሌላው ሰው በኮከብ ያስቆጥራል። እኛ የዶሮ ማነቂያ ሰፈር ሰዎች ግን ከኮከብ የሚበልጥ አለን፤ የሰፈራችን ደብተራ፣ የመሪጌታ እንግዳ መጽሐፍ።

ስሙ «ልሳነ ዕፅ» ነው። መሪጌታ እንደሚሉት የመጣው ከሰባት ባሕር ማዶ፣ ከአገረ ጽጌ ነው። በዚያ አገር ወንዝ ሽቅብ ይፈሳል። ሰው አይወለድም፤ እንደ ሾላ ፍሬ በስሎ ከዛፍ ይወድቃል። የዛፎች ሁሉ አባት የሆነ አንድ ሽበታም ዋርካ እየተናገረ፣ አንዲት ቁራ በመንቁሯ ጻፈችው። ሰው ከዛፍ የሚወድቅ ከሆነ ዋርካው ስለ ጋብቻ ከየት አወቀ ብዬ ልጠይቅ አስቤ ነበር... አሰብኩ እንጂ አልጠየቅሁም።

እሑድ ከቅዳሴ በኋላ ቤታችን ተሰበሰብን። ታደሰ የእናቱን ጃንጥላ ይዞ በሩ አጠገብ ተቀመጠ፤ እኔ ጠላ እቀዳለሁ። መሪጌታ መጽሐፉን ከማኅደሩ ሲያወጡ ሁላችንም ተነሥተን ቆምን።

«የልጅቱ የክርስትና ስም?»

«ወለተ ሐና» አለች እናቴ፣ ዓይኗ ሳይርገበገብ።

«የልጁስ?»

«ኃይለ ሚካኤል» አሉ እትዬ አስካለ።

መሪጌታ በጣታቸው ቆጠሩ፣ ገለጡ፣ ተከዙ።

«ወንዱ ሾላ ወጣ። ሴቲቱ ቁልቋል።»

«ምን ማለት ነው፣ የኔታ?» አለች እናቴ።

«የቁልቋል ወተት ሾላን ያደርቃል። ቢጋቡ ቤታቸው ክረምት አይሻገርም። ይቅር።»

ይቅር... በአንዲት ቃል የዓመት «እም» መና ቀረ። እትዬ አስካለ ነጠላቸውን አስተካክለው ለመነሣት ተሰናዱ። እናቴ «የእግዜር ፈቃድ ነው» ብላ ራሷን ነቀነቀች። ታደሰ እዚያው ቤት ውስጥ ጃንጥላውን ይዘረጋል፣ መልሶ ያጥፋል።

እኔ ግን አንድ ነገር አውቃለሁ። ወለተ ሐና የምትባል ልጅ ቤታችን ውስጥ የለችም።

እናቴ እውነተኛ የክርስትና ስም ለደብተራ አይነገርም ባይ ናት። ስም ከመቃብር በላይ ይውላል ይባላል፤ ደብተራ እጅ ከገባ ግን መቃብሩ ይቀድማል ትላለች። እናንተም ስሜን እጽፍላችኋለሁ ብላችሁ አትጠብቁ፤ ከመሪጌታ ጋር እንደማትተዋወቁ በምን አውቃለሁ?

ሆድ ያባውን ብቅል ያወጣዋል ይላሉ። እኔ ጠላ መቅዳት እንጂ መቅመስ አላውቅምና የኔን ምን እንዳወጣው እንጃ፤ ብቻ ማንቆርቆሪያውን እንደያዝኩ፣

«የኔታ... እኔ ወለተ ሐና አይደለሁም» አልኩ።

የእናቴ ዓይን ከነማንቆርቆሪያዬ ሊውጠኝ ደረሰ። ያን ጊዜ ከበሩ በኩል «እኔም ኃይለ ሚካኤል አይደለሁም» የሚል ድምፅ መጣ። ታደሰ ነው። ያለ መርፌ ሲናገር ድምፁ እንዴት ያምራል መሰላችሁ።

«ታዲያ እስካሁን ማንን ስቆጥር ነው የቆየሁት?» አሉ መሪጌታ።

እናቴና እትዬ አስካለ ተያዩ።

«እርስዎም?» አለች እናቴ።

«ምነው፣ ልጅ የወለዱት እርስዎ ብቻ ነዎት እንዴ?»

«እንግዲያው እውነተኛውን ንገሩኝና እንደገና ልቁጠር» አሉ መሪጌታ።

«ይቅደሙ፣ እትዬ አስካለ።»

«ኧረ በማርያም፣ ቤቱ የእርስዎ ነው፤ እርስዎ ይቅደሙ።»

ሲግደረደሩ ጠላው አለቀ፤ ስም ግን ከማንም አፍ አልወጣ። በመጨረሻ እትዬ አስካለ ሳቃቸው አመለጣቸው።

«ልጄን እንዲህ ካለ ጠንቃቃ ቤት ካልዳርኩ የት ልዳር?»

«እኔስ ለልጄ እንዲህ ያለች አማት ከየት አመጣላታለሁ?» አለች እናቴ።

ተቃቀፉ። ሠርጉ ከፋሲካ በኋላ እንዲሆን ተቆረጠ፤ ዋርካውን የጠየቀው የለም።

መሪጌታን እስከ በር የሸኘኋቸው እኔ ነኝ። ያን የሚያህል መጽሐፍ በብብታቸው ይዘው ሲወጡ አሳዘኑኝ። ይቅርታ ልላቸው ፈልጌ ነበር፤ ድፍረቴን ግን ቅድም ጨርሼዋለሁ። እሳቸው ግን ዘወር አሉና ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው እንዲህ አሉኝ፦

«ልጄ፣ መጽሐፉ አልተሳሳተም። ኃይለ ሚካኤልና ወለተ ሐና እንዳይጋቡ አደራ።»