ጉዳዩ፦ የጨዋታ ማህደር መጋራትን ስለማቋረጥ

ታላላቅ ሰዎች በከፈቱት ነገር ይታወሳሉ። አንዱ ድልድይ ይከፍታል፣ ሌላው ትምህርት ቤት ይከፍታል፣ ሁለቱንም ያልቻለው አፉን ይከፍታል። በአንድ ሩቅ የደሴቶች አገር፣ ሬዋ በሚባል ወንዝ ዳር፣ በናውሶሪ ከተማ የሚኖረው ዋይሳሌ ግን ስሙን ያስጠራው በመዝጋት ነው።

ዋይሳሌ የሠላሳ ስምንት ዓመት ጎልማሳ፣ የአንድ መሥሪያ ቤት የንብረት ክፍል ምክትል ኃላፊ ነበር። ዋናው ኃላፊ ጡረታ ከወጡ ሦስት ዓመት ቢሆናቸውም ቦታቸው ስላልተሞላ፣ ዋይሳሌ የባዶ ወንበር ምክትል ሆኖ በታላቅ ታማኝነት ያገለግል ነበር። ወንበሩም አንድ ቀን ቅር ተሰኝቶበት አያውቅም።

ከሥራ ውጭ የኮምፒዩተር ጨዋታ ይወዳል። ስልሳ ሦስት ጨዋታዎች ገዝቶ በኢንተርኔት ማህደሩ ውስጥ ደርድሯል፤ ከፍቶ ያየው አራቱን ብቻ ነው። የጨዋታው ኩባንያ አንድ ሰው ማህደሩን ከአምስት የቤተሰብ አባላቱ ጋር እንዲጋራ ይፈቅዳል። በዚያ አገር ደግሞ ዘመድ «ኬሬኬሬ» ብሎ ከለመነ፣ ጀልባም ይሁን ሸሚዝ እምቢ አይባልም፤ እምቢ ያለ ሰው ስሙ ከእሱ ቀድሞ ወንዝ ይሻገራል። ስለዚህ ዋይሳሌ በደጉ ዘመን ማጋሪያውን ከፍቶ አምስት ዘመዶቹን አስገባ። አራት ዓመት ሙሉ በሰላም ተጫወቱ።

ከዚያ ዋይሳሌ ሥልጠና ገባ።

ሥልጠናው ሁለት ቀን የፈጀ ሲሆን ርእሱ «ንብረትን በባለቤትነት ስሜት መምራት» ነበር። አሠልጣኙ ሁለቱን ቀን ቆመው «ወሰን የሌለው ሰው ባለቤት አይደለም፣ መተላለፊያ ነው» ሲሉ ዋይሳሌ ደነገጠ። ሠላሳ ስምንት ዓመት መተላለፊያ ሆኖ እንደኖረ ማንም አልነገረውም ነበር። የምስክር ወረቀቱን ይዞ ሲመለስ አካሄዱ እንኳ ተለውጦ፣ በገዛ ግቢው ውስጥ እንደ ጎብኚ ባለሥልጣን እጁን ወደ ኋላ አጣምሮ ነበር የሚራመደው።

በማግስቱ ከሰዓት በኋላ የታንክ ውጊያውን ሊጫወት ቁጭ አለ። ስክሪኑ ላይ «ይህን ጨዋታ ሌላ የቤተሰብ አባል እየተጫወተው ስለሆነ እባክዎ ይጠብቁ» የሚል ጽሑፍ ወጣ። ሌላዋ የቤተሰብ አባል አክስቱ፣ በአገሩ የአክስት አጠራር «ናይ» ሳሎቴ፣ ነበሩ፤ አጥር ማዶ የሚኖሩ፣ የስልሳ አንድ ዓመት ጡረተኛ ነርስና የመዘምራን መሪ። ደወለላቸው።

«ናይ፣ እየተጫወቱ ነው እንዴ?»

«ውጊያ ላይ ነኝ ልጄ። ስድስት ታንክ ከቦኛል።»

«ጨዋታው እኮ የኔ ነው።»

«አዎ፣ እግዚአብሔር ይስጥልኝ። በል አሁን ዝጋው፣ መድፍ እየሞላሁ ነው።»

አክስቱ ዝጋው ያሉት ስልኩን ነበር። ዋይሳሌ ግን ትእዛዙን በሰፊው ተረጎመው።

በዚያው ሰዓት ደብዳቤ ጻፈ። «ከላይ በርእሱ እንደተመለከተው፣ ከአምስታችሁ ጋር የነበረው የጨዋታ ማህደር መጋራት ከዛሬ ጀምሮ የተቋረጠ መሆኑን እየገለጽኩ፣ እስካሁን ላሳያችሁት መልካም ትብብር ከልብ አመሰግናለሁ።» ከታች ስሙን፣ ፊርማውንና ማዕረጉን አኖረ። «ግልባጭ፦ ለማህደር» አለና ማህደሩ የትኛው እንደሆነ ለራሱም ግራ ስለገባው ሰረዘው።

ሚስቱ ሊቲያና ከበስተኋላው ቆማ ስታነብ ቆየች። «አጥሩ ጋ ቆመህ አትነግራቸውም?» አለችው።

«ቃል ይረሳል፤ ጽሑፍ ይኖራል።»

«እኔንም የሚያስፈራኝ እሱ ነው።»

ዋይሳሌ አንዱን ቅጂ በጠረጴዛው ላይ አንሸራትቶ ሰጣት።

«ይሄ የኔ ነው?»

«ስምሽ ተራ ቁጥር ሦስት ላይ አለ።»

ሊቲያና ሁለት ዓመት ሙሉ በእርሻ ጨዋታ ላይ ዱባ ስታለማና ከብት ስታረባ ኖራለች። «ላሞቼስ?» አለችው ቀስ ብላ።

«ላሞቹ ያሉት የእኔ መሬት ላይ ነው።»

«ዓሥራ ሁለት ዓመት አብረን ስንኖር መሬት እንዳለህ አላውቅም ነበር» አለችና ደብዳቤውን በጥንቃቄ አጥፋ ኪሷ ከተተችው።

ማጋሪያውን ሲዘጋ ኮምፒዩተሩ «እርግጠኛ ነዎት?» ብሎ ሦስት ጊዜ ጠየቀው። ሰው እንኳ ሲያገባ የሚጠየቀው አንዴ ነው። ዋይሳሌ ሦስቱንም ጊዜ «አዎ» አለ። አምስቱ ስሞች አንድ በአንድ ጠፉ። ስልሳ ሦስቱ ጨዋታዎች የእሱ ብቻ ሆኑ፤ ደረቱ ውስጥ አንድ ነገር ሰፋ ሲል ተሰማው። ብቻውን የበላ ብቻውን ይሞታል የሚሉት፣ ዋይሳሌ እንደተረዳው፣ ሥልጠናውን ያልወሰዱ ሰዎች ናቸው።

ከዚህ ሁሉ ጎን ለጎን አንዲት ትንሽ ጉዳይ ነበረች፤ ቤታቸው ጣራ አልነበረውም። በየዓመቱ አውሎ ነፋስ ይዞ የሚመጣው የማዕበሉ ወቅት ሳይገባ ሊያድሱት አሮጌውን ቆርቆሮ አውርደው ሸራ ወጥረውበታል። አዲሱ ቆርቆሮ ግቢ ውስጥ ተደርድሯል። የአጎቱ ልጅ አፔኒሳ ከወንድሞቹ ጋር መሰላል ይዞ በቀጣዩ ቅዳሜ ሊመጣ፣ ናይ ሳሎቴም ለሠራተኛው ምግብ ሊያበስሉ ቃል ከተገባ ቆይቷል።

ቅዳሜ ደረሰ። ዋይሳሌ መዶሻውን ይዞ በር ላይ ቆመ። አፔኒሳ መጣ፤ ብቻውን፣ ያለ መሰላል፣ ባለ ፖስታ። እነዚህ ሁለቱ በወጉ መሠረት «ታቫሌ» የሚባባሉ፣ መቀላለድና መነካካት የተፈቀደላቸው ዘመዳሞች ናቸው።

«ታቫሌ፣ ደብዳቤ አለህ» አለው።

«መሰላሉስ?»

«እሱን ነው የሚያወራው።» አፔኒሳ ፖስታውን ቀደደና ራሱ ያነብ ጀመር። «ጉዳዩ፦ ጉልበትና መሰላል መጋራትን ስለማቋረጥ። ከላይ በርእሱ እንደተመለከተው...»

«ቀልዱን ተወው፣ አፔኒሳ።»

«ምን ቀልድ አለው? ወንድሞቼም ፈርመውበታል። እስካሁን ላሳየኸው መልካም ትብብር እናመሰግናለን ይላል፤ እዚህ ጋ ትንሽ ዋሽተናል።»

ሁለተኛው ደብዳቤ በአጥሩ ላይ ተንጠልጥሎ ተገኘ። ናይ ሳሎቴ በመዘምራን ደብተር ወረቀት ላይ፣ በሚያምር ጽሕፈት፣ ለዘመናት አጥር ተሻግሮ ዋይሳሌን ሲያገለግል የኖረው ኢንተርኔታቸው ምስጢራዊ ቁጥሩ መቀየሩን ይገልጻሉ። «ግልባጭ፦ ለሊቲያና፤ ምሳ እኛ ቤት መሆኑን እንድታውቂው።»

ዋይሳሌ ገብቶ ኮምፒዩተሩን ከፈተ። ስልሳ ሦስቱም ጨዋታዎች ባለቤታቸውን በኢንተርኔት ካላረጋገጡ አንከፈትም አሉ። ባለቤቱ ፊታቸው ተቀምጦ ነበር፤ አላወቁትም።

ክብሩን የሚያውቅ ሰው ግን በአንድ ጣራ አይሸነፍም። ጠረጴዛ ላይ ወንበር፣ ወንበር ላይ ባልዲ ደርቦ ወጣና ቆርቆሮውን ብቻውን መምታት ያዘ። እስከ እሑድ ከሰዓት በኋላ ሦስት ቆርቆሮ ሰቀለ። ሰኞ ንፋስ ነፈሰ። አንደኛው ተነቅሎ በአጥሩ ላይ ዘለለ፣ መንገዱን ተሻገረ፣ ወንዙ ውስጥ ገብቶ እንደ መንግሥት ጀልባ በዝግታ ወደ ባሕር ወረደ።

ማምሻውን አፔኒሳ በአጥሩ ላይ ብቅ አለ። «ታቫሌ፣ ቆርቆሮህ ሲሄድ አየሁት። አጠገቤ ነው ያለፈው። ልይዘው እጄን ዘርግቼ ነበር፤ ከዚያ የሰው ንብረት ያለ ባለቤቱ ፈቃድ አይነካም ብዬ ሰበሰብኩት።»

ማክሰኞ ሬዲዮው ማዕበል በሦስት ቀን ውስጥ እንደሚደርስ ተናገረ። ሊቲያና ልብሷን በሻንጣ እየከተተች ነበር።

«የት ልትሄጂ ነው?»

«ናይ ጋ። ጣራ አላቸው።»

«እኔስ?»

«አንተማ የምስክር ወረቀትህን ከላይህ ትወጥራለህ።» ይህን ስትል አልሳቀችም። በሩ ላይ ስትደርስ ዞር ብላ ያየችው አስተያየት ከቃሉ ይልቅ ከበደው። ቤቱ ባዶ ሲሆን ሸራው ከራሱ በላይ ሲንኳኳ ሰማ፤ ዋይሳሌ ለመጀመሪያ ጊዜ ፈራ።

ከአባቱ የወረሰው የዓሣ ነባሪ ጥርስ በሣጥን ውስጥ ነበረው። ሰው ዘመዱን ሲበድል ይዞት የሚሄደው ይህን ነው። ይዞት ሄደ። ናይ ሳሎቴ ምንጣፍ ላይ ተቀምጠው፣ ያንጎና የሚሉት የሥር መጠጣቸው በገበታ ተበጥብጦ፣ ማዳመጫ አንገታቸው ላይ አድርገው ተቀበሉት። አፔኒሳም አለ፤ ሊቲያናም አለች። ዋይሳሌ ጉልበቱ ላይ ወረደና ጉሮሮውን ጠረገ።

«በመካከላችን የተፈጠረውን የአሠራር ክፍተት...»

«በሰው ቋንቋ» አሉት ናይ ሳሎቴ።

ጥርሱን በሁለት እጁ ወደ እሳቸው ዘረጋ። «አጥፍቻለሁ ናይ» አለ።

ጥርሱን ተቀበሉት። በማግስቱ ዓሥራ አንድ ሰው መጥቶ ጣራው ከምሳ በፊት ተመታ። ማዕበሉ መጣ፣ ጣራውን ሞከረው፣ ተወው፣ ሄደ።

የቀረው ማጋሪያውን መልሶ መክፈት ነበር። ኢንተርኔቱ ተመልሶለት ዋይሳሌ በደስታ ቁልፉን ሲጫን ኩባንያው እንዲህ ሲል መለሰለት፦ «ማጋራትን ያቋረጠ ደንበኛ ለአንድ ዓመት ቤተሰብ ማቋቋም አይችልም። በሌላ ቤተሰብ ሥር መግባት ግን ይችላል።»

ናይ ሳሎቴ ለካ ደብዳቤው በደረሳቸው ዕለት የራሳቸውን ቤተሰብ አቋቁመዋል። አፔኒሳና ወንድሞቹ ገብተዋል፤ ሊቲያና ገብታለች፤ አዳዲስ ላሞችም አሏት።

«አንድ ቦታ ቀርቶኛል» አሉት። «አስገብቼሃለሁ። በልጅ ቦታ ነው።»

«ናይ፣ እኔ ሠላሳ ስምንት ዓመቴ ነው።»

«ዕድሜህን መቼ ጠየቀኝ? ‹ይህ አባል ቁጥጥር ያስፈልገዋል?› ብሎ ነው የጠየቀኝ። እኔ የመዘምራን መሪ ነኝ፣ አልዋሽም።»

ዋይሳሌ በገባ ደቂቃ፣ በኩባንያው ደንብ መሠረት፣ ስልሳ ሦስቱ ጨዋታዎቹ ተከትለውት ገቡና የቤተሰቡ ሁሉ ሆኑ። አፔኒሳ የዋይሳሌ ዓይን ገና ያላረፈባቸውን ሃምሳ ዘጠኙን እየመረጠ ይጫወት ጀመር። ዋይሳሌም ከሥራ ሲመለስ ታንኩን ነካ። «ይህ ጨዋታ ለዕድሜህ አልተፈቀደም። አሳዳጊህን ጠይቅ» የሚል ጽሑፍ ወጣ። የሚጠይቅበት ቁልፍ ከታች ነበር፤ ግራና ቀኙን አይቶ ተጫነው።

መልሱ ወዲያው መጣ። «ለግማሽ ሰዓት ተፈቅዷል። መጀመሪያ እጅህን ታጠብ።»

የንብረት ክፍል ምክትል ኃላፊው ተነሥቶ እጁን ታጠበ።