አቶ አምደሚካኤል አርጎብኛን ለማዳን ሲነሱ

እያንዳንዱ ሰፈር አንድ ሰብሳቢ አለው። ማንም አልመረጠውም፤ ሊሽረው የሚችልም የለም። መንገዱ ሲቦረቦር፣ ማኅበሩ ሲቀዘቅዝ፣ እድሩ ሲያንቀላፋ እሱ እንቅልፍ ያጣል። እሱ ብቻውን ቢያጣ ባልከፋ፤ እኛንም ይቀሰቅሰናል። የእኛ የገርጂዎቹ ሰብሳቢ ክቡር አቶ አምደሚካኤል ይባላሉ። ከአንድ መሥሪያ ቤት መዝገብ ክፍል ጡረታ ሲወጡ የሚያገላብጡት ፋይል ስላጡ በሰፈሩ ስም ፋይል ከፈቱ።

እኔ ጸሐፊያቸው ነኝ። ለዚህ ሹመት የበቃሁት የእጅ ጽሑፌ ስለሚነበብ ብቻ ነው። በ1986 ዓ.ም. አንድ ማመልከቻ ጻፍኩላቸው፤ ከዚያ ወዲህ ቅዳሜ የሚባል ቀን የለኝም።

ክቡርነታቸው የፈረሰ፣ የሞተ ወይም የተረሳ ነገር ባዩ ቁጥር መነጽራቸውን ግንባራቸው ላይ ይሰቅሉና «ታዲያ ዝም ብለን እናየዋለን?» ይላሉ። እኔ በበኩሌ ዝም ብሎ ማየት በጣም የሚስማማኝ ሰው ነኝ። ማን ጠይቆኝ!

የሰፈራችንን የእንጨት ድልድይ ጎርፍ ሲወስደው ኮሚቴ አቋቋሙ። ኮሚቴው አሥራ አንድ ጊዜ ተሰበሰበ። ለአሥራ ሁለተኛው ስንሄድ ድልድዩ ተሠርቶ አገኘነው። እዚያው አጠገብ ያለ ግቢ የሚጠብቁት ዘበኛ አቶ ላጲሶ ጭቅጭቃችን ስላታከታቸው ሁለት ባሕር ዛፍ አጋድመው፣ ጣውላ መትተውበት ተኝተዋል። ክቡርነታቸው ወዲያው ቃለ ጉባኤ አስያዙኝ፦ «በኮሚቴው ያላሰለሰ ጥረት…»

ቀጥሎ ሦስት ሰው ብቻ ቀርቶት የነበረውን የጽዋ ማኅበራችንን ሊያስነሡ ወሰኑ። ዘዴያቸው ቀላል ነው። የቀረ ሰው ካለ «ታሞ መሆን አለበት» ብለው ማኅበርተኛውን ሁሉ አስከትለው ሊጠይቁት ይሄዳሉ። አንድ ቀን ቀርቼ፣ አልጋዬ ላይ ተጋድሜ ጋዜጣ ሳነብ፣ ሃያ ሁለት ሰው እየጸለየልኝ ገባ። ከዚያ በኋላ ቀርቼ አላውቅም። ማኅበሩም እነሆ ሞልቶ ተርፏል፤ በፍቅር ይሁን በፍርሃት እንጃ።

በ1988 ዓ.ም. መስከረም ላይ ግን የባሰው መጣ። ሳሙና ልንገዛ ሰዲቅ ሱቅ ቆመናል። ሰዲቅ የወሎ ልጅ ነው፤ እናቱ እማማ ሀጀር ከሱቁ ጓሮ አንዲት ፍየል ያረባሉ። ከጓሮው የማናውቀው ንግግር ተሰማ። ክቡርነታቸው አንገታቸውን አሰገጉ።

«እማማ፣ ምንድን ነው የሚናገሩት?»

«አርጎብኛ ነዋ። የእናቴ ቋንቋ።»

«ከማን ጋር ነው የሚያወሩት?»

«ከፍየሏ ጋር።»

«ሰዲቅስ አይችልም?»

«ሰዲቅ በጀርባዬ ሳለ ነው ካገር የወጣነው። ከተሜ ነው፤ አማርኛው ይበቃዋል።»

መነጽሩ ወደ ግንባር ሲወጣ አየሁ። ሳሙናዬን ይዤ ልሸሽ ስል ዘገየሁ። «ጸሐፊ!» አሉኝ፤ «አንድ ቋንቋ ለፍየል ብቻ ሲቀር ዝም ብለን እናየዋለን?»

የቀበሌውን አዳራሽ ለቅዳሜ ከሰዓት አስፈቀዱ። በመጀመሪያው ቀን አርባ አንድ ሰው ተመዘገበ። ክቡርነታቸው እንባ አቀረሩ፤ ሰፈሩ ይህን ያህል ለቋንቋ ይቆረቆራል ብሎ ማን ገመተ? ኋላ ስናጣራ ዘይት ይታደላል ተብሎ ተወርቶ ኖሯል። ዘይት እንደሌለ ሲታወቅ አራት ተማሪ ቀረን፦ ክቡርነታቸው፣ እኔ፣ ለዘይቱ መጥተው እዚያ የሚቀርበውን ሻይ ወደው የቀሩት አቶ ላጲሶ፣ እና በአባቷ ትእዛዝ ኋላ ወንበር ላይ ተቀምጣ ጥፍሯን የምትቀባው የሰዲቅ ልጅ ሳና።

አስተማሪያችን እማማ ሀጀር መጽሐፍ የላቸውም፤ ሥርዓተ ትምህርትም አያውቁም። ለፍየሏ የሚሉትን ለእኛም ይሉናል። በሁለት ወር ውስጥ «ግቢ»፣ «ውጪ»፣ «ውሃ ጠጪ»፣ «ምን ሆነሻል?» ማለት ቻልን። ፍየል ብናስተዳድር አናፍርም፤ ሰው ሰላም ማለት ግን አልደረስንበትም። ክቡርነታቸው ሰዋስው ካልተማርን ብለው ድርቅ አሉ።

«እማማ፣ የኃላፊ ጊዜው እንዴት ነው የሚባለው?»

«እኔ ስለ ኃላፊ ምን አውቄ? እዚያው ቀበሌህን ጠይቅ!»

በዚህ ሰፈር ክቡርነታቸውን «አንተ» የሚሉት እማማ ሀጀር ብቻ ናቸው። እሳቸውም ደስ እያላቸው ደብተራቸው ላይ ይጽፋሉ። «አንተ» መባላቸውን ሳይቀር የጻፉ ይመስለኛል።

በታኅሣሥ መጨረሻ ምረቃ ካልተደረገ አሉ። የቀበሌው ሰዎች ተጠሩ፣ የመስጊዱ ሽማግሌዎች መጡ፣ የጽዋ ማኅበሩም ባይመጣ የሚደርስበትን ስለሚያውቅ ሙሉ በሙሉ ተገኘ። ክቡርነታቸው ሱፋቸውን ለብሰው ወጡና በአርጎብኛ ንግግር አደረጉ። እሳቸው «ክቡራን እንግዶች፣ እንኳን ደህና መጣችሁ» ያሉ መስሏቸዋል። እማማ ሀጀር ኋላ እንደነገሩን ግን «ፍየሎቼ፣ ግቡ፣ ውሃው እዚህ ነው» ነበር ያሉት። እማማ ሻሻቸው እስኪወልቅ ሳቁ። የቀረው ሕዝብ ምኑም ስላልገባው በክብር አጨበጨበ።

«አዝናለሁ፣ ጋሽ አምደሚካኤል» አልኳቸው ስንወጣ።

«ለምን? ተሳክቷል እኮ! የሳቀው የገባው ሰው ነው። እማማ ብቻ አልሳቁም፤ ሳናም ስቃለች።»

ተሸናፊ ሰው የማይለው ነገር የለም ብዬ ተውኳቸው።

ጥር ውስጥ፣ አንድ ማክሰኞ ረፋድ፣ ሰዲቅ እያለከለከ ቤቴ መጣ። እማማ ሀጀር በሌሊት ግማሽ ጎናቸው ከድቷቸው ሆስፒታል ገብተዋል። «ተርፋለች» አለኝ፤ «ግን አማርኛው ጠፍቶባታል። አንድ ቃል አይወጣትም። ያንን ቋንቋዋን ብቻ ነው የምታወራው። ምን እንደምትፈልግ ማወቅ አቃተን። ሰውዬህ የት ናቸው?»

ሰውዬዬ ደብተራቸውን ይዘው፣ አንድ እግራቸው ጫማ አንዱ ነጠላ ጫማ ሆኖ ወጡ። ስንደርስ እማማ በደህናው እጃቸው አንሶላውን እየገፉ ይጮኻሉ። ነርሷ «እየቃዡ ነው፤ ባይነኳቸው ይሻላል» አለች። ክቡርነታቸው አልጋው ጫፍ ላይ ተቀምጠው ደብተሩን ያገላብጡ ጀመር።

«ውሃ!» አሉ ድንገት። «ውሃ ነው የሚሉት! ቅዠት አይደለም!»

ነርሷ በማንኪያ ሰጠቻቸው። ጠጡ። ትንሽ ረገብ አሉና ወደ በሩ እያዩ ረጅም ነገር ተናገሩ፤ ደግመው፣ ደጋግመው ተናገሩ። ክቡርነታቸው ደብተሩን ከጫፍ እስከ ጫፍ ገለጡት። አንገታቸውን ደፉ።

«ይሄ… ይሄ የለኝም» አሉ። እኚህ ሰው የሌላቸው ነገር መኖሩን ሲያምኑ የሰማሁት ያን ጊዜ ብቻ ነው።

«በሩን ክፈቱላት ነው የምትለው» አለ አንድ ድምፅ። ሳና ናት፤ ግድግዳ ተደግፋ ቆማለች። «‹እናቴ ውጭ ቆማለች፣ በሩን ክፈቱላት› እያለች ነው።»

ሰዲቅ ዞሮ አፈጠጠባት። ሳና ሄዳ በሩን ወለል አድርጋ ከፈተች፤ ባዶ ለሆነው ኮሪደርም በአርጎብኛ «ግቢ» አለች። ያቺ ለፍየሏ የተማርናት ቃል ናት። ማናችንም አልሳቅንም። እማማ ሀጀር ረጅም ትንፋሽ ተነፈሱና ዓይናቸውን ከደኑ።

«አንቺ፣ ከየት አመጣሽው?» አለ አባቷ።

«አብሬያት አይደል የምተኛው? ተኝታ ስታወራ እየሰማሁ ነው ያደግኩት» አለች ሳና ጥፍሯን እያየች። «ትችያለሽ ወይ ብሎ የጠየቀኝ ሰው የለም።»

እማማ ሀጀር በሦስተኛው ሳምንት ቤታቸው ገቡ። አማርኛውም ከቁጣው ጀምሮ ቀስ እያለ ተመለሰላቸው። ከእኔ ልብ የማይጠፋው ግን የዚያ ማክሰኞ መመለሻችን ነው። ታክሲው ውስጥ ክቡርነታቸው ስለ ኮሚቴ አላነሱም፣ ቃለ ጉባኤ ያዝ አላሉኝም። ደብተሩን ጉልበታቸው ላይ እንዳቀፉ ትከሻዬ ላይ ተኙ። ሁለት ዓመት ሙሉ እኚህ ሰው አንድ ቀን እንኳ እንዲተኙልኝ ስመኝ ነበር፤ ሲተኙ ግን እንዲህ ቀላል ይሆናሉ ብዬ አልጠበቅኩም። ኢምፔሪያል ሆቴልን አለፍን። መውረጃችን ደረሰ።

«ወራጅ አለ?» አለ ረዳቱ።

«የለም» አልኩት በሹክሹክታ፤ እስከ መጨረሻው ፌርማታ ትከሻዬን ሳላንቀሳቅስ ሄድኩ።