የአቶ አኩማሊክን ዝምታ ለማሳጠር የተጠራ ስብሰባ

የኡያራሊክ መንደር ሬዲዮ ኮሚቴ ቃለ ጉባኤ

ቀን፦ ሐሙስ፣ የካቲት 20። የበረዶው ውሽንፍር ከትናንት ጀምሮ አላቆመም።

ቦታ፦ የሬዲዮ ጣቢያው ሻይ ክፍል፣ ከስቱዲዮው ቀጥሎ። በመካከል ያለው ግድግዳ ስስ መሆኑ ከወዲሁ ይታወቅልኝ።

የተገኙ፦
አቶ ሳይማይጂ፣ ሰብሳቢ
ወ/ሮ ሲያሲ፣ አባል፣ የቅዳሜ ቢንጎ አጫዋች
አቶ ሉካሲ፣ አባል፣ የጣቢያው ቴክኒሺያን
ወ/ሮ ኡላዩክ፣ አባል፣ ዕድሜ አራት ዓመት
ፓድሉቅ፣ ጸሐፊ፣ በሌለችበት ስብሰባ በሙሉ ድምፅ የተመረጠች

ምልአተ ጉባኤ፦ ደንባችን አምስት አባል ይጠይቃል። አምስተኛዋ አባል ወ/ሮ ኡላዩክ፣ የማታ ፕሮግራም አቅራቢው የአቶ አኩማሊክ ባለቤት፣ ከዚህ ዓለም ቢለዩም በዓመቱ የተወለደችው ሕፃን ስማቸውን ይዛለች፤ በእኛ ልማድ የሟች ስም የያዘ ደግሞ ወንበርም ይይዛል። አቶ አኩማሊክ ሕፃኗን «ሚስቴ» ይሏታል፤ ልጃቸው ወ/ሮ ሲያሲ፣ የሕፃኗ አያት ቢሆኑም፣ «እማዬ» ይሏታል፤ ሰብሳቢው «አክስቴ» ይሏታል። ስለዚህ ምልአተ ጉባኤው ተሟልቷል። ወ/ሮ ኡላዩክ የመክፈቻ ንግግር እንዲያደርጉ ተጋብዘው ብስኩት ጠይቀዋል። ተሰጥቷቸዋል።

አጀንዳ 1፦ ከደቡብ የመጣው ደብዳቤና ሣጥን

የደቡቡ ዋና መሥሪያ ቤት በአየር ላይ ከአሥር ሴኮንድ የበለጠ ዝምታ እንዳይኖር በደብዳቤ አዟል። አብሮ የላከው ሣጥን ዝምታ ሲሰማ በራሱ ዘፈን ይለቃል። ሣጥኑ ውስጥ ያለው ዘፈን አንድ ሲሆን፣ ረጅም መንገድ ላይ መኪናው ስለቆመበት ሰውዬ ነው። ከመንደራችን ወደ የትም የሚወጣ መንገድ እንደሌለ ይመዝገብልኝ።

አቶ ሉካሲ ችግሩን ሲያስረዱ፣ የአቶ አኩማሊክ የማታ ፕሮግራም በተለይ መጎዳቱን ገልጸዋል። አቶ አኩማሊክ አንድ ነገር ይናገራሉ፣ ያስባሉ፣ ከዚያ ሌላውን ይናገራሉ። በሚያስቡበት ጊዜ መኪናው የቆመበት ሰውዬ ይገባል። እንግዶቻቸውም አያግዟቸውም። እኛ እሺ ስንል ቅንድባችንን እናነሣለን፣ እምቢ ስንል አፍንጫችንን እንሸበሽባለን፤ ማይክሮፎኑ ደግሞ ዓይን የለውም። ባለፈው ማክሰኞ አዳኙ ቃውናቅ «የባሕሩ በረዶ ጠንክሯል? ሰው ይሻገር?» ተብለው ተጠይቀው ቅንድባቸውን አንሥተው በሚገባ መልሰዋል። አቶ አኩማሊክም አመስግነዋቸዋል። አድማጭ የሰማው ጥያቄውን፣ ዘፈኑንና ምስጋናውን ነው።

ሰብሳቢው በዚህ አልተስማሙም። «እኔ ቤቴ ሆኜ ገብቶኛል እኮ! በረዶው ባይጠነክር ኖሮ ቃውናቅ ዝም ይል ነበር? ይጮህ ነበር እንጂ!» ብለዋል። አቶ ሉካሲ፣ «ታዲያ ጋሼ፣ ለደቡቦቹ ይህን ደብዳቤ አንተ ጻፍላቸዋ» ሲሉ መልሰዋል። ሰብሳቢው አፍንጫቸውን ሸብሽበዋል።

ከረጅም ውይይት በኋላ ከማይክሮፎኑ አጠገብ አንድ ቅንድብ ተርጓሚ ተቀምጦ «አሁን ቅንድባቸውን አነሡ» እያለ እንዲያስረዳ ተወስኗል። አቶ ሉካሲ ለሥራው ተጠቁመው በፊታቸው ምልክት ብቻ መልሰዋል። መልሱን ለመዝገቡ የሚያስረዳ ተርጓሚ ገና ስላልተሾመ ሳይጻፍ ታልፏል።

አጀንዳ 2፦ ዝምታውን በሌላ ድምፅ ስለመሙላት

ሰብሳቢው፣ አቶ አኩማሊክ በሚያስቡበት ጊዜ ሣጥኑን ለማታለል ማንቆርቆሪያ ከጎናቸው ይፍላ የሚል ሐሳብ አቅርበዋል። ወ/ሮ ሲያሲ፣ የሚፈላ ማንቆርቆሪያ በሬዲዮ የሰማ ሁሉ ለሻይ ይመጣል ሲሉ ተቃውመዋል። ባለፈው መከር አንድ እንግዳ ጣቢያው ውስጥ ከባሕር የታደነ ትኩስ የአቆስጣ ሥጋ መኖሩን በአየር ላይ ተናግሮ፣ ዜናው ሳያልቅ ግማሽ መንደር ቢላዋውን ይዞ በር ላይ መሰለፉን አስታውሰዋል። ዜና አንባቢዋ እኔ ነበርኩ፤ ቁራጭ እንኳ አልደረሰኝም።

በማንቆርቆሪያው ፈንታ የሰብሳቢው ውሻ ስቱዲዮ ገብቶ እንዲያለከልክ ተጠይቋል። ሰብሳቢው ውሻው ከአጋዘን አደን መልስ ዕረፍት ላይ ነው ብለዋል።

ወ/ሮ ሲያሲ፣ «አባቴን ከማንቆርቆሪያና ከውሻ ጋር እንድታወዳድሩት ነው የተሰበሰብነው?» ሲሉ ጠይቀዋል። አቶ ሉካሲ፣ «ኧረ ሲያሲ፣ ማንቆርቆሪያውስ ቢያንስ ሲፈላ ያፏጫል» የሚል አስተያየት ሰጥተዋል። በዚህ ጊዜ የወ/ሮ ሲያሲ የፀጉር ጓንት ከቦታው ተነሥቶ የአቶ ሉካሲ ጆሮ ላይ አርፏል። ወ/ሮ ኡላዩክ አጨብጭበዋል። ሰብሳቢው፣ «አክስቴ፣ እባክሽ አታባብሺው» ሲሉ ሥነ ሥርዓት አስከብረዋል።

ማንቆርቆሪያው በአብላጫ ድምፅ ጸድቋል። ውሃ የሚቀዳለት ሰው አልተገኘም።

አጀንዳ 3፦ ወ/ሮ ሲያሲ በድንገት ያቀረቡት

ወ/ሮ ሲያሲ የአባታቸው ፕሮግራም ከዛሬ ጀምሮ ቀርቶ በዚያ ሰዓት ቢንጎ እንዲተላለፍ ጠይቀዋል። አቶ ሉካሲ፣ «በለው! ለካ ነገሩ ወደ ቢንጎ ነው! አባትሽን አስነሥተሽ ልትቀመጪ!» ብለዋል። ወ/ሮ ሲያሲ የመለሱትን ቃል በቃል አሰፍራለሁ፤ ማሳጠር አልቻልኩም።

«አንተ ቢንጎ የፈለግሁ ይመስልሃል? ሃያ ምናምን ዓመት ለአደን ወጥተው ድንኳን ላሉት መልእክት ሲያነብ የኖረ ሰው ነው። አሁን በየማታው ያ ዘፈን አፉን ይዘጋዋል። ቤት ሲገባ አየዋለሁ፤ ሾርባውን ሳይነካ ፊቱን ወደ ግድግዳ አዙሮ ይተኛል። እማዬ ከሞተች ወዲህ ከዚያች ሰዓት ሌላ ምን አለው? የማያውቁት ሰዎች ሣጥን እንዲህ በቁሙ ከሚያዋርደው፣ እኔ ልጁ ላስቁመው።»

ከዚህ በኋላ የመጣው ዝምታ ከአሥር ሴኮንድ በእጅጉ በልጧል። ዘፈን አልተለቀቀም።

ሰብሳቢው ድምፅ ይሰጥ አሉ። ሰብሳቢው ቅንድባቸውን አነሡ፤ አቶ ሉካሲ መሬት መሬት እያዩ አነሡ፤ ወ/ሮ ሲያሲ ዓይናቸው እንባ እንዳቀረረ አነሡ። ወ/ሮ ኡላዩክ አፍንጫቸውን ሸበሸቡ። ይህ ተቃውሞ ነው ወይስ ጉንፋን የሚል ክርክር ተነሥቶ አፍንጫቸው ተጠርጓል። ከተጠረገም በኋላ እንደተሸበሸበ ነበር። አንድ ተቃውሞ ተብሎ ተይዟል። ጸሐፊዋ አቀርቅራ ስትጽፍ ስለነበር ፊቷን ያየ የለም፤ ባለማየታቸውም ደስ ብሏታል።

ፕሮግራሙ እንዲቀር በአብላጫ ድምፅ ተወሰነ።

ውሳኔውን ማን ይንገራቸው በሚለው ላይ ሰፊ ውይይት ተደርጓል። ሰብሳቢው የቴክኒክ ጉዳይ ነው ብለው ወደ አቶ ሉካሲ መሩት። አቶ ሉካሲ የቤተሰብ ጉዳይ ነው ብለው ወደ ወ/ሮ ሲያሲ መሩት። ወ/ሮ ሲያሲ የጽሑፍ ጉዳይ ነው ብለው ወደ ጸሐፊዋ መሩት። ጸሐፊዋ እስክሪብቶው ቀለም ጨረሰ አለች። ይህ ቃለ ጉባኤ በምን እንደተጻፈ እንዳልጠየቅ አደራ።

በዚህ መሐል በስቱዲዮው በኩል ያለው በር ተከፍቶ አቶ አኩማሊክ ከነካፖርታቸው ገቡ። «ቀጥሉ፣ ቀጥሉ ልጆቼ። መነጽሬን ረስቼ ነው» አሉ። መነጽሩ ከብስኩቱ አጠገብ ነበር። ካነሡት በኋላ ወ/ሮ ኡላዩክ ፊት ቆሙና፣ «ሚስቴ፣ አንቺም ተስማምተሽ ነው?» ብለው ጠየቁ። ወ/ሮ ኡላዩክ እንደገና አፍንጫቸውን ሸበሸቡ። አቶ አኩማሊክ የሕፃኗን ራስ ዳበስ አድርገው ወደ ስቱዲዮ ተመለሱ። የፕሮግራማቸው ሰዓት ደርሶ ነበር፤ እኛም ግድግዳው ስስ መሆኑን ያን ጊዜ አስታወስን።

አቶ ሉካሲ ሽቦ ልይ ብለው ወጡ። ሲመለሱ የሣጥኑ መሰኪያ ከኪሳቸው ተንጠልጥሎ ነበር።

ሰብሳቢው የሻይ ክፍሉን ሬዲዮ ከፈቱ።

«እንደምን አመሻችሁ። አኩማሊክ ነኝ» አሉ። አሰቡ። «ዛሬ ውሽንፍር ነው። ድንኳን ውስጥ ያላችሁ፣ መብራታችሁን አታጥፉ።» አሰቡ። «እዚህ ጎረቤት ያሉ ልጆች ይበቃሃል እያሉኝ ነው። ክፋት የለባቸውም። የራሴም ልጅ አለችበት፤ አዝናልኝ ነው። እኔ ግን የማወራው ከእናንተ ጋር ስለሆነ እናንተን ልጠይቅ። ይብቃኝ?»

ከዚያ ጠበቁ። ሰው ጠይቆ መልሱን ፊቱ ላይ እንደሚጠብቅ ሰው ነው የጠበቁት። የመጣ ዘፈን አልነበረም፤ ውሽንፍሩ ብቻ ጣሪያውን ይደበድብ ነበር። ቀና ስል ወ/ሮ ሲያሲ ሬዲዮው ላይ አፍጥጠው አፍንጫቸውን ሸብሽበዋል፤ እንባቸው በሽብሽቡ ላይ ይወርድ ነበር። ሰብሳቢው ሸብሽበዋል፤ አቶ ሉካሲ ሸብሽበዋል። እኔም። በየቤቱና በየድንኳኑ ያለው ሰው ሁሉ በዚያች ሰዓት ሬዲዮው ላይ ፊቱን እየሸበሸበ እንደነበር ለመመስከር ዝግጁ ነኝ፤ ማስረጃ ግን የለኝም።

«እሺ» አሉ አቶ አኩማሊክ። «አየኋችሁ። አመሰግናለሁ።» ወረቀት ሲገልጡ ተሰማ። «የመጀመሪያው መልእክት ከማሊጋ ነው። ለባሏ፣ ወንዙ ማዶ ላለው። ልጁ ጥርስ አውጥቷል፤ ትላለች።»

ውሳኔ፦ በአጀንዳ 1፣ 2 እና 3 የተወሰነው ሁሉ እንዳልተወሰነ ይቆጠር፤ ሣጥኑ በሚቀጥለው አውሮፕላን ከነሰውዬው ወደ ደቡብ ይመለስ፤ ዋናው መሥሪያ ቤት ለምን ብሎ ቢጠይቅ ኮሚቴው በፊቱ ምልክት ብቻ መልስ ይስጥ ተብሎ ያለ አንዳች ተቃውሞ ጸድቋል።

ስብሰባው ያበቃው ከምሽቱ አንድ ሰዓት ላይ ነው፤ አቶ አኩማሊክ «ደህና እደሩ» ብለው፣ ሁላችንም እስክንመልስላቸው ድረስ ከጠበቁን በኋላ።

ፓድሉቅ፣ ጸሐፊ