የኤድመንተን ሰዓትና የጃካርታ ጀምበር

የሰው ልጅ ሥራ ማስረዳት እንደ ዛሬ ከባድ የሆነበት ዘመን ያለ አይመስለኝም። እኛ ለንደን ስንገባ ሥራ ስሙ ከነዩኒፎርሙ ነበር የሚመጣው። አንዱ አውቶቡስ ይነዳል፣ አንዷ ሆስፒታል ታስታምማለች፣ ሌላው በር ቆሞ ይጠብቃል። «ምን ትሠራለህ?» ለሚል መልሱ አንድ ቃል ነው፤ ያቺን ቃል ደግሞ አገር ቤት ላሉት ትንሽ ከፍ አድርጎ መንገር የማንኛችንም መብት ነበር። ዛሬ ግን የወዳጅዎን ልጅ «ምን ትሠሪያለሽ?» ብለው ይጠይቋት እስቲ። ቁጭ አድርጋ ታስረዳዎታለች፤ እርስዎም በአክብሮት ራስዎን ይነቀንቃሉ። ቤት ሲገቡ ባለቤትዎ ምን እንደምትሠራ ቢጠይቁዎት «የኮምፒውተር ነገር ነው» ብለው ይገላገላሉ።

እኔም ለወዳጄ ልጅ ለሜሮን ይህንኑ ሳደርግ ነበር የኖርኩት፤ ለሽምግልና እስክጠራ ድረስ።

በሽምግልና ጋብቻ አስሬአለሁ፤ የተጣላ ዕድርም አስታርቄአለሁ፤ ምንም እንኳ የታረቁት ወገኖች እስካሁን ሰላምታ ባይለዋወጡም። በመሥሪያ ቤት ጉዳይ ሽማግሌ ስባል ግን የመጀመሪያዬ ነው። የጠራችኝ የሜሮን እናት የሺ ናት። ኤድመንተን መጋዘን ውስጥ ዕቃ እያሸገች ልጇን ብቻዋን አሳድጋ ዩኒቨርሲቲ ያስጨረሰች ሴት ናት። ለንደን የገባነው በአንድ ሰሞን ስለሆነ ያለ «እርስዎ» ነው የምንነጋገረው። እኔ ከኬኒንግተን፣ ከተማዋን ከደቡብ እስከ ሰሜን አቋርጬ ኤድመንተን ቤታቸው ስደርስ እናትና ልጅ ፊት ተዟዙረው ተቀምጠዋል።

የሺ ጉዳዩን አቀረበች። ሜሮን የምትሠራበት፣ አጫጭር ፊልም በስልክ የሚለቀው ትንሽ ድርጅት ብሪክስተን ገበያ አጠገብ ካለ ሱቅ በላይ ነው ያለው። የቀጠራት በጊዜያዊነት ነው፤ ቋሚ የማድረጉ ነገር የሚወሰነው በረመዳን ሰሞን በምታቀርበው ዝግጅት ነው። በዚያው ሰሞን ደግሞ በአካባቢው አስተዳደር፣ በካውንስሉ፣ የቤቶች ክፍል ቋሚ ቦታ ወጥቷል። የሺ «አፕላይ አድርጊ» ትላለች፤ ልጅቷ አሻፈረኝ ብላለች።

«ኢንዶኔዥያ ያሉ ወጣቶች ስልካቸው ላይ ምን እንደሚያዩ ታስባለች» አለችኝ የሺ፣ የሰው ሕመም እንደምትነግረኝ ሁሉ ድምጿን ዝቅ አድርጋ። «አገሩን በዓይኗ አይታው አታውቅም። ልጅ ያቦካው ለእራት አይበቃም።»

ሜሮን አልተከራከረችም። ላፕቶፗን ወደ እኔ አዞረችና ዕቅዷን አሳየችኝ። እኔም የተለመደውን አንገት መነቅነቄን ጀምሬ ነበር፤ ትንሽ እንደቆየሁ ግን አንገቴ ቆመ። ልጅቷ የሕዝቡን ቀን ከንጋት እስከ ምሽት ታውቀዋለች። ጃካርታ ካለች ሪኒ ከምትባል ባልደረባዋ ጋር በየቀኑ እየተነጋገረች ቋንቋውን ለቀልድ እስኪበቃት ድረስ ተምራለች። ወጣቶቹ በረመዳን ጀምበር ልትጠልቅ ስትል ከቤት ወጥተው፣ ጣፋጭ የሚጠበስበትን መንገድ እየዞሩ ሰዓቱን እንደሚገፉት፣ ለዚህ መቆያ ብቻ የሚሆን ራሱን የቻለ ቃል እንዳላቸው ነገረችኝ። ለዒድ ከከተማ ወደየትውልድ መንደራቸው ይጎርፋሉ፤ እዚያም አክስቶቻቸው «መቼ ነው የምታገቢው?» እያሉ ያፋጥጧቸዋል። ሜሮን ለእነዚህ አክስቶች የሚሰጡ ጨዋ መልሶች የሚቀርቡበት ሙሉ ዝግጅት አቅዳለች። ይህን ስትናገር የሺ የቀሚሷን ጠርዝ ታስተካክል ጀመር።

እንግሊዛዊው አለቃዋ ግን አንድ ነገር ከልክሏታል። «በጾም ወቅት ምግብ ማሳየት ነውር ነው፤ ይቅር» ብሏል። ክፋት የለውም ሰውየው፤ ጾሞ ስለማያውቅ ነው። በዚህ ጊዜ ከሳሿ የሺ ክሷን ረስታ ጣልቃ ገባች። እሷ የማታጎድለው ጾም የለም፤ ያ ዓመት ደግሞ ሁዳዴና ረመዳን አብረው የገቡበት ነበር።

«ጾመኛ ስለ ምግብ ካላወራ በምን ይውላል?» አለች። «እኛ ከቅዳሴ ወጥተን ስለ ፋሲካ ዶሮ አይደለም እንዴ የምናወራው? ይልቅ የሚከብደው የመጨረሻዋን ሰዓት ብቻህን ስትጠብቃት ነው።»

ሜሮን ይህቺን ቃል በእንግሊዝኛ ጻፈቻት፤ በማግስቱም አለቃዋን አሳመነችበት። እኔም ፈረድኩ። ብርዱ ሲያልፍ ለንደን ሰዓቷን በአንድ ሰዓት ወደፊት እስከምታዞርበት እሑድ ድረስ ጊዜ ይሰጣት፤ ያን ቀን እዚሁ ምሳ ላይ ተሰብስበን እንወስናለን። እስከዚያ ቋሚ ካልሆነች ለካውንስሉ አፕላይ ታደርጋለች።

አሁን ስለ ሰዓት ትንሽ ልንገርዎት፤ ጉዱ ያለው እዚህ ላይ ነው። በለንደን የሙቀት ወራት ጃካርታ ለንደንን በስድስት ሰዓት ትቀድማታለች። ስድስት! የፈረንጅና የእኛ አቆጣጠር የሚለያዩባት ያቺው ስድስት። ስለዚህ ለንደን ቀትር ላይ ሰዓቱ አሥራ ሁለት ሲል፣ ጃካርታ በእኛ አቆጣጠር ልክ ከምሽቱ አሥራ ሁለት ነው፤ ጀምበር ትጠልቃለች። ከእናቷ በአማርኛ ሰዓት መቁጠር የተማረችው ሜሮን ሥራ የጀመረችው በሐምሌ ነበርና ይህን ያገኘችው በመጀመሪያው ሳምንት ነው። ባልደረቦቿ ስልካቸውን ሲነካኩ፣ እሷ የግድግዳውን ሰዓት ቀና ብላ አይታ «አሁን እዚያ መሸ» ትላለች። እንደ ነቢይ ያዩዋት ነበር አሉ።

ችግሩ፣ በብርዱ ወራት ለንደን ሰዓቷን አንድ ወደኋላ ትመልሳለች። ሜሮን ደግሞ እነዚያን ወራት ዕቅድ ስትጽፍ እንጂ ራሷ ፊልም ስትለቅ ስላልነበረች የነቢይነቷ ዘዴ መበላሸቱን ልብ አላለችውም። ያ ሁሉ የተለፋበት፣ ጾመኛውን እስከ ጀምበር መጥለቂያ የሚያጫውተው የመጀመሪያ ቀን ዝግጅት ጃካርታ የደረሰው አንድ ሰዓት ዘግይቶ፣ ሰው አፍጥሮ፣ ጠግቦ፣ እጁን ከታጠበ በኋላ ነው። የወጣቶቹ መልስ ከላይ እስከ ታች አንድ ነበር፦ በልተን ጨረስን።

የደወለችው ለእኔ ነው፤ ለእናቷ አልነገረችም። «ጋሼ፣ ሼጁል ሳደርገው ሰዓቱን ቼክ አላደረግኩም» አለችኝ። ነገ ጧት አለቃዋ ይፈልጋታል። እኔ ሽማግሌው የሰጠኋት ምክር ምን ይመስልዎታል? ፊልሙን ቀስ ብለሽ አጥፊው፣ ማን አየ ብለሽ ዝም በዪ አልኳት። የእኛ ትውልድ ጥበብ ይኸው ነው።

አልሰማችኝም፤ እንኳንም አልሰማችኝ። ስልኳን ፊቷ ላይ ደግና በዚያ በተማረችው ቋንቋ እውነቱን ተናገረች። ዘግይቼባችኋለሁ፤ የእናቴ አገር ሰዓት የሚቆጠረው በሌላ መንገድ ነው፤ በዚያ ላይ ሐበሻ ቀጠሮ የሚባል ነገር አለን፤ እናንተስ አላችሁ ወይ? አለቻቸው። ለካ አላቸው! እነሱ የላስቲክ ሰዓት ይሉታል፤ ሲስቡት ስለሚለጠጥ። አብሮ ለማፍጠር ተጠርቶ ድስቱ ከታጠበ በኋላ ስለሚደርሰው ጓደኛ፣ «መንገድ ላይ ነኝ» እያለ ገና ሻወር ውስጥ ስላለው ወንድም የማይጽፍ ወጣት ጠፋ። ጧት አለቃዋ ዘንድ ስትገባ ሰውየው የሚያነበው ይህንኑ ነበር። ዋናውን ዝግጅት ወደ ትክክለኛ ሰዓቱ መልሳ፣ ከኢፍጣር በኋላ ደግሞ ለዘገዩ ሰዎች የሚሆን ሁለተኛ ጨመረችበት። ከሁሉ የተወደደው እሱ ሆነ። ቀናሁባት። ኮራሁባትም።

ቀጠሯችን እሑድ ደረሰ። እኔ በባቡር ስሄድ ለየሺ የማሰማውን ንግግር፣ ለልጅቷ የማነሳውን መከራከሪያ ሁሉ አዘጋጅቼ ነበር። ሰዓት ከስልክ አይታይም እያልኩ የምኮራበትን የእጅ ሰዓቴን አየሁ፤ ልክ በሰዓቴ ነኝ። በሩን ሜሮን ከፈተችልኝ። ገበታው ተነሥቷል፤ የሺ ሰሃን ታጥባለች።

«ጋሼ» አለች ሜሮን ሳቋን አፍና፣ «በልተን ጨረስን።»

ሰዓቴን ወደፊት አላዞርኩትም ነበር። ሽምግልናውም ያለ ሽማግሌ አልቋል። ድርጅቱ ዓርብ ዕለት ቋሚ አድርጓታል፤ የሺም የካውንስሉን ነገር ድጋሚ ላታነሳ ቃል ገብታለች። ንግግሬን ዋጥ አድርጌ ተሸፍኖ ወደቆየልኝ ሽሮ ዞርኩ። ገና ሁለት ጊዜ እንደጎረስኩ የየሺ ስልክ ጮኸ፤ እህቷ ናት፣ ከአዲስ አበባ። ልጅቷ ሥራ አገኘች ወይ፣ ምንድነው የምትሠራው ብላ ስትጠይቅ እኔ ድረስ ይሰማል። ጆሮዬን አቆምኩ።

«የጾመኛ ሰዓት ታስገፋለች» አለች የሺ፣ ሌላ ማብራሪያ እንደማያስፈልገው ሁሉ።

ቀና ብዬ የማድ ቤቱን ሰዓት አየሁ። ሁለት ሰዓት ይላል። ከዛሬ ጀምሮ የሜሮን ዘዴ እንደገና ትክክል ነው፤ ጃካርታም በእኛ አቆጣጠር ከምሽቱ ሁለት ሰዓት ሆኗል። እዚያም በልተው ጨርሰዋል።